በሰው ጉሮሮ

ትራሙ ድልድዩ መሐል ሲደርስ ቀጥ አለ። ሾፌሯ የብረት ዘንግ ይዛ ወርዳ ሐዲዱ ላይ የጋገረውን በረዶ መቀጥቀጥ ጀመረች። አልፎንሳስ ሪምጋይላ ጥቂት ጠበቀና ትዕግሥቱ ሲያልቅ በሩን በሁለት እጁ ፈልቅቆ ወረደ። ሚልዳም በጋዜጣ የተጠቀለለ የተጨሰ ሥጋ ብብቷ ሥር ሸጉጣ ተከተለችው።

"በእግራችን ልንሄድ ነው?"

"በእግራችን። አታቋርጪ፣ ቀጥይ።"

"በሩን አትስበሩት" አለች ሚልዳ በሩስያኛ፣ የሚለማመደውን የፊልም ንግግር እያቀበለችው። ሌኒንግራድን ከሚያቋርጠው ከኔቫ ወንዝ ላይ የሚመጣው ነፋስ አፏን ይዘጋዋል።

"በሩን አትስበሩት።"

"ተቆጣህ። ሰውየው እኮ አልተቆጣም፤ እየለመናቸውም አይደለም። 'በሩን' የሚለውን ሳብ አድርገህ የቀረውን ዋጥ አድርገው።"

"በሩን አትስበሩት። እኔው እከፍተዋለሁ።"

"አሁን መጣህ። ድገመው።"

ደገመው። ባርኔጣውን እስከ ቅንድቡ ያወረደ ረጅም ሰው በድልድይ ላይ እየሮጠ ስለ በር ሲያወራ የሰማች አንዲት ሴትዮ መንገዱን ለቀቀችለት። እሱ አላያትም። አርባ አምስት ዓመቱ ነው፣ የተከበረ አርቲስት የሚል ማዕረግ አለው፣ እንደ ተማሪ ግን ለፈተና ይሮጣል።

እኛ ሊትዌንያውያን ሪምጋይላን የምናውቀው በመድረክ ነው። በትንሿ ከተማችን ቴአትር ንጉሥ ሲሆን ንጉሥ ነው፤ ሰካራም ሲሆን ፊት ረድፍ የተቀመጠ ሰው የመጠጡ ሽታ ይመጣበታል። የቀረው የሶቪየት ሕዝብ የሚያውቀው ግን በጀርመንነቱ ነው። የጦርነት ፊልም በየዓመቱ ይሠራል፣ ሞስኮና ሌኒንግራድም ረጅም፣ ፊተ ጠባብ፣ ዓይነ ፈዛዛ ሰው በፈለጉ ቁጥር ወደ እኛ ይልካሉ። ሪምጋይላ ሻለቃ ሆኗል፣ ኮሎኔል ሆኗል፣ የእስረኞች ካምፕ ሐኪም ሆኗል። ጫካ ውስጥ ተተኩሶበት፣ ድልድይ ተንዶበት፣ አንድ ጊዜም በገዛ ውሻው ተነክሶ ሞቷል።

ፊቱ የእሱ ነው፤ ድምፁ ግን የእሱ ሆኖ አያውቅም። ሩስያኛው የአገራችን ቅላጼ ስላለበት፣ ቀረጻው ሲያልቅ አንድ የሌኒንግራድ ተዋናይ ተጠርቶ ንግግሩን ሁሉ እንደ አዲስ ይናገርለታል። እናቱ ከገጠር መጥታ አንዱን ፊልም ልታይ ገብታ መሐል ላይ ተነሥታ ወጣች። "ልጄን አፉን ብቻ አስከፍተው ሌላ ሰው ያወራበታል" አለች። ሪምጋይላ ይህን ታሪክ እየሳቀ ነው የሚያወራው፤ ግን ደጋግሞ ያወራዋል።

በዚያ በፈረንጆች 1964 የበረዶ ወራት የመጣለት ሚና ጀርመን አልነበረም። በጦርነቱ ጊዜ ተማሪዎቹን በትምህርት ቤቱ ጣሪያ ሥር የደበቀ የገጠር መምህር ነው፣ ያውም የእኛው አገር ሰው። የፊልሙ አዘጋጅ "ይህንንስ ራስህ ትናገረዋለህ፣ ቃሌ ነው" ብሎት ነበር። ቃሉን ሰጥቶ ሌላ ፊልም ሊሠራ ወደ ጥቁር ባሕር ወረደ፣ ነገሩም የፊልሞቹን ንግግር ለምትቆጣጠረው ለክላቭዲያ ሌቮቭና ተተወ። እሷም "ይሞክር፤ ዛሬ ካልሆነለት እንደ ወትሮው ሌላ ሰው ይናገርለታል" አለች።

ሚልዳ ዙካይቴ የቴአትራችን አስታዋሽ ናት። ከመድረኩ ሥር ባለች ጠባብ ጉድጓድ ውስጥ ተቀምጣ፣ ተዋናይ ቃል ሲጠፋው በሹክሹክታ ታቀብለዋለች። ሩስያኛዋ እንደ ውሃ ነው። የት እንደተማረችው ለጠየቃት ሁሉ "ሳይቤሪያ፣ አክስቴ ጋ፣ ለሥራ ሄጄ" ትላለች። እውነቱ ግን ሌላ ነው። ጀርመን አገራችን ከመግባቱ ከሳምንት በፊት፣ ገና የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ ሳለች፣ ሶቪየቶች ከእናቷ ጋር በከብት ባቡር ጭነው ወደ ሳይቤሪያ አጋዟት። ያደገችው በዬኒሴይ ወንዝ ዳር ፌክላ በምትባል አሮጊት ቤት ነው። ስትመለስ የቴአትሩ ዳይሬክተር ሁሉን እያወቀ "መድረክ ሥር ያለን ሰው ማን ያየዋል" ብሎ ቀጠራት። በከተማው የመኖር ፈቃዷ የተንጠለጠለው በዚያ ሥራ ላይ ነው። አንድ ሰው ጮክ ብሎ ቢጠይቅ ዳይሬክተሩ አላውቅም ነበር ማለቱ አይቀርም፣ እሷም ሻንጣዋን ማንሣቷ አይቀርም።

ሪምጋይላ ሳይገምት አይቀርም፤ ጠይቋት ግን አያውቅም። በመኸር አንድ ከረጢት ፖም ተሸክሞ ቤቷ መጣና "ምላሴን አስተካክዪልኝ" አላት። እሺ አለችው። ሩስያኛ ሲባል በጆሮዋ የሚመጣው የፌክላ አነጋገር ብቻ ስለሆነ፣ ያንኑ አስተማረችው። ሌላ ዓይነት አነጋገር መኖሩን እስከነጭራሹ ዘንግታዋለች።

ስቱዲዮው ሲደርሱ ኮሪደሩ ውስጥ አንድ ሽማግሌ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጦ የጉሮሮ ከረሜላ ይመጥጣል። አንገቱ ላይ የሐር ሻሽ ጠምጥሟል፣ እግሩ ላይ የቤት ጫማ ነው። ሪምጋይላን ሲያይ ብድግ አለ።

"አንተ ነህ አይደል? ግሌብ አርሴንዬቪች እባላለሁ። አታውቀኝም፤ እኔ ግን አፍህን ስመለከት ዓመታት ስላለፉ ጥርስህን አንድ በአንድ አውቀዋለሁ። በግራ በኩል ከኋላ አንዱን አስነቅለሃል። ባለፈው ፊልም የለም።"

ሪምጋይላ የሰውየውን እጅ ይዞ ፊቱን አጥንቶ አየው። የሌኒንግራዱ ተዋናይ የሚሉት ሰው፣ ጀርመኖቹን ሁሉ የተናገረለት፣ ይኼ ነው። ስሙን እንኳ የትም ተጽፎ አይቶት አያውቅም።

"ስሞት የሚያቃስቱልኝ እርስዎ ነዎት ማለት ነው።"

"እኔ ነኝ። ለዚያ ለውሻው ጉሮሮዬ ሰንብቶ ነው የዳነው።"

ተሳሳቁ። ግሌብ መልሶ ተቀመጠ። "እንግዲህ ከቻልክ ቤቴ ሄጄ እተኛለሁ። ካልቻልክ እዚሁ ነኝ። ቂም የለም።"

"ቂም የለም" አለ ሪምጋይላ፤ ፊቱ ግን ተለወጠ።

ሚልዳ እጅጌውን ይዛ ወደ መስኮቱ ወሰደችው። ምላሱ እንዳይመለስበት ብላ ከማለዳ ጀምሮ በሊትዌንኛ እንዳያወራ ከልክላዋለች፤ አሁንም በሩስያኛ ነው የምታወራው። "ተረጋጋ። ከመናገርህ በፊት አየር አትሳብ፣ ማይክሮፎኑ ይሰማዋል። ቤቱ ያንተ ነው። እንግዶቹ ውጭ ያሉት ናቸው። 'በሩን አትስበሩት' ስትል 'በሩን' የሚለውን ሳብ፣ የቀረውን ዋጥ።" ከኋላቸው ከረሜላው ከጥርስ ጋር ሲጋጭ የነበረው ድምፅ ቆመ። ሚልዳ ዞር ስትል ግሌብ አርሴንዬቪች ጣሪያ ጣሪያ ያያል።

የቀረጻው ክፍል ጨለማ ነው። እዚያ ያለው አሠራር ሰው ያሰለቻል፦ አንዱን ትዕይንት ቆርጠው ጫፍና ጫፉን ያጣብቁትና ቀለበት ያደርጉታል። ቀለበቱ በማሽኑ ላይ ይዞራል፣ ሸራው ላይ ያው አፍ ያንኑ ቃል ደግሞ ደጋግሞ ይከፍታል፣ ተናጋሪውም ቃሉን ከከንፈሩ ጋር እስኪያጋጥም ሲታገል ይውላል። ሪምጋይላ ከማይክሮፎኑ ፊት ቆሞ የገዛ ፊቱን እያየ ይናገራል። ሚልዳ ከኋላው ወንበር ላይ ተቀምጣ አፏን በመዳፏ አፍና ይዛለች፤ እጇን ካነሣችው ከንፈሯ ብቻውን ቃል ማቀበል ይጀምራል። ክላቭዲያ ሌቮቭና ከመስታወቱ ወዲያ ከድምፅ ቀራጩ ጎን ናት። አጭር፣ ፀጉሯ የሸበተ፣ ሲጋራ ከጣቷ የማይለይ ሴት ናት።

የመጀመሪያዎቹ ቀለበቶች አለፉ። መምህሩ ተማሪዎቹን ስም ጠራ፣ ዳቦ አካፈለ፣ እንዲተኙ ነገራቸው። "አልጠበቅኩም ነበር" አለ የክላቭዲያ ድምፅ ከመስታወቱ ወዲያ። የሪምጋይላ ማጅራት ከኋላ ሲታይ በላብ ርሷል።

ከዚያ የበሩ ትዕይንት መጣ። ሸራው ላይ የበሩ ሳንቃ በሰደፍ ሲመታ ተንቀጠቀጠ፤ መምህሩም ከመሰላሉ ወርዶ ቆመ።

"በሩን አትስበሩት። እኔው እከፍተዋለሁ።"

ልክ ነበር። ሚልዳ ከዚያ በላይ አታውቅም፤ ፌክላ ከነመደረቢያዋ ክፍሉ ውስጥ የገባች ያህል ተሰማት።

"ይደገም" አለች ክላቭዲያ።

ደገመው። መብራቱ በራ፣ በሩ ተከፈተ፣ ክላቭዲያ ሌቮቭና ሲጋራዋን እንደያዘች ወደ እነሱ መጣች።

"አልፎንሳስ ዮኖቪች፣ እንዲህ መናገር ከየት ለመዱ?"

"ምን አጠፋሁ?"

"አላጠፉም። በጣም ያምራል። የአገርዎ አነጋገር ግን አይደለም፣ የእኛም አይደለም። ጀርመኖች ከተማችንን በከበቡ ጊዜ ከዚህ አውጥተው ሳይቤሪያ፣ ክራስኖያርስክ ወስደውን ነበር። አንዲት አሮጊት ቤት አርፌ በድንቿ ተርፌያለሁ። እንደዚህ ነው የምትናገረው። የዬኒሴይ ዳር ሰዎች ናቸው እንደዚህ የሚናገሩት።" ሲጋራዋን ሳበች። "እዚያ የእናንተም አገር ሰዎች ነበሩ። ብዙ ነበሩ። በፈቃዳቸው አልነበረም የመጡት።"

ድምፅ ቀራጩ መስታወቱ ውስጥ ሆኖ ያላየ ይመስል ሽቦ ያስተካክላል።

"እስቲ ያስቡት" አለች ዝቅ ባለ ድምፅ። "ይህ ፊልም ሳይቤሪያም ይታያል፣ የእናንተም አገር ይታያል። ሊትዌንያዊ መምህር በተጋዙት ሰዎች አነጋገር 'በሩን አትስበሩት' ሲል የሰማ ተመልካች፣ የሚያንኳኳው ጀርመን ነው ብሎ ያስባል? እኔ አላሰብኩም። ፊልሙን የሚመረምረው ኮሚሽንም አያስብም። መጀመሪያ የሚጠሩት ደግሞ እኔን ነው። ማነው ያስተማረዎት?"

ዓይኗ ሳይቸኩል ሚልዳ ላይ አረፈ።

"እርስዎስ ማን ነዎት?"

ሪምጋይላ ቀደመ። "የቴአትራችን አስታዋሽ ናት።"

"አስታዋሽ ከሆኑ ይናገራሉ። በሩስያኛ አንድ ነገር ይበሉ እስቲ። ስለ አየሩ ይሁን።"

ስለ አየሩ አንድ ቃል ከተናገረች አበቃላት። ዝም ብትልም አበቃላት። ሚልዳ አፏን ከፈተች፣ ምን ልትል እንደሆነ ግን ራሷም አታውቅም።

"ምን ትላለች ብለው ነው፣ ክላቭዲያ ሌቮቭና?" አለ ሪምጋይላ እየሳቀ። በጣም ጥሩ ሳቅ ነበር፤ ሚልዳ የምታውቀው ግን ከመድረክ ነው። "ሩስያኛ መች ትችልና። ዳቦና ትራም ማለት ታውቃለች፣ እሱም ትራሙ ካለፈ በኋላ ነው የሚመጣላት። ሥጋ እንድትሸከምልኝ ነው ይዣት የመጣሁት።"

ሚልዳ ገባት። ጥቅሉን በሁለት እጇ ዘርግታ የሞኝ ፈገግታ ፈገግ አለች። ያን ሁሉ ዓመት መድረክ ሥር ስትኖር የደረሳት የመጀመሪያ ሚና ይህ ነው።

"ታዲያ ማነው ያስተማረዎት?"

"ማንም። ጦሩ መንደራችን ሰፍሮ ሳለ አንድ የሳይቤሪያ ሰው ጋሪ ይነዳ ነበር። ተዋናይ ነኝ፣ የሰማሁት ጆሮዬ ላይ ይቀራል። ካልተወደደ እተወዋለሁ።"

ክላቭዲያ አላመነችውም። ወደ ኮሪደሩ ሄዳ በሩን ከፈተች። "ግሌብ፣ ከነሱ ጋር እዚህ ቆይተሃል። ይቺ ሴት በምን ቋንቋ ነው ስታወራ የነበረው?"

ሽማግሌው ከረሜላውን ከአንድ ጉንጩ ወደ ሌላው አዛወረ። ሚልዳን አያት፣ ሪምጋይላን አየ።

"በራሳቸው ነዋ፣ ክላቫ። አንድም ቃል አልገባኝም። ስለ ምግብ መሰለኝ።"

ክላቭዲያ ለአፍታ በሩን ይዛ ቆመች፣ ከዚያም ተመለሰች። "መልካም። አልፎንሳስ ዮኖቪች፣ በራስዎ አነጋገር ይበሉት።"

መብራቱ ጠፋ፣ ቀለበቱ መዞር ጀመረ። ሪምጋይላ ግማሽ መንገድ መቆም እንደማይችል ያውቃል፤ ከሚልዳ የተማረው አንዲት ጠብታ እንኳ ከቀረች ጥያቄው ይመለሳል። ስለዚህ ሁሉንም አራገፈው። መምህሩ ሸራው ላይ አፉን ሲከፍት ሪምጋይላ እንደ ገበያ ቀን ባላገር፣ ቃሉን እየጎተተና እየሰባበረ ተናገረ። የራሱ አነጋገር እንኳ አልነበረም፤ ሚልዳ ከአንድ ኮሜዲ ታስታውሰዋለች፣ ሕዝቡ በሳቅ ይሞትበት ነበር። በዚያ ጨለማ ውስጥ የሳቀ የለም። ደግሞ ተናገረው፣ አሁን ይባስ አከበደው። ሚልዳ ለስንት ወር ስታቃናው የከረመችውን ምላስ በገዛ እጁ ሲያጣምመው እየሰማች መዳፏን ነከሰች።

"ይበቃል" አለች ክላቭዲያ። ድምጿ ላይ እፎይታ ነበር፣ ትንሽ ኀፍረትም ነበር። "አዝናለሁ። እውነቴን ነው። ግሌብን ጥሩልኝ።"

ሪምጋይላ ከማይክሮፎኑ ዞር ብሎ ሚልዳ አጠገብ ተቀመጠ።

"ምን ነካህ?" አለችው በሊትዌንኛ፣ በጆሮው።

"ዝም በይ። ሩስያኛ አትችዪም።"

"ድምፅህ ነበር እኮ። ሌላ ዕድል አይሰጡህም።"

"አውቃለሁ" አለ። ጉንጩ ላይ የሚወርደውን እንባ አልጠረገውም፤ በጨለማ ማን ያየኛል ብሎ ይሆናል። ሚልዳ ግን ጨለማ ውስጥ ተዋናይ ማየት ሥራዋ ነው።

ግሌብ አርሴንዬቪች ከረሜላውን በወረቀት ጠቅልሎ ኪሱ ከተተ። በቤት ጫማው እየተጎተተ መጥቶ ማይክሮፎኑን ወደ ራሱ ቁመት አወረደ። ቀለበቱ አንድ ጊዜ ሲዞር ዝም ብሎ አየ። በሁለተኛው ተናገረ።

"በሩን አትስበሩት። እኔው እከፍተዋለሁ።"

ሚልዳ የሪምጋይላን ክንድ ጨበጠች። ሽማግሌው 'በሩን' የሚለውን ሳብ አደረገው፣ የቀረውን ዋጠው፤ በመስኮቱ ሥር የሰማውን አንድም ሳያጎድል ነው ያመጣው። ወፍራም፣ የሰለጠነ፣ የሬዲዮ ድምፅ ነው፤ አነጋገሩ ግን የፌክላ ነው።

መብራቱ ቦግ አለ።

"ግሌብ፣ ምን እየሠራህ ነው?"

"መምህር እየሠራሁ ነው። የገጠር ሰው ነው፣ እንደ ኔቭስኪ ጎዳና ከተሜ እንዲያወራ ትፈልጊያለሽ?"

"አሁን ነው የነገርኳቸው። ኮሪደር ላይ ሆነህ ሰምተሃል።"

"ሰምቻለሁ። የከለከልሽው እሱን ነው። እኔ እዚህ ከተማ ተወልጄ እዚሁ ያረጀሁ ነኝ። ሰው ከጠየቀሽ ሽማግሌው ጨመረበት፣ ሲያረጅ ይቀብጣል በይ። እኔን ከየት አመጣኸው ብሎ የሚጠይቅ የለም።"

ክላቭዲያ ሌቮቭና ከመስታወቱ ወዲያ ቆማ ነበር። ሲጋራዋ እስከ ጣቷ ደርሶ ተቃጥሏል። በዚያ ጊዜ ምን እንዳሰበች አናውቅም፤ ሥራዋን፣ ኮሚሽኑን፣ ወይም በክራስኖያርስክ ድንች ያበሏትን እጆች። ብትከለክል ማንም አይፈርድባትም ነበር።

"ሲቀረጽ 'እኔው' ላይ ትንሽ ቆይ" አለች በመጨረሻ። "ከከንፈሩ ትቀድማለህ።" ከዚያም መብራቱን አጠፋችው።

በሦስተኛው ዙር ተቀረጸ። ሪምጋይላ የገዛ አፉ ተከፍቶ የሌላ ሰው ድምፅ ሲወጣ ብዙ ጊዜ አይቷል፤ ሁልጊዜ ፊቱን ያዞር ነበር። አሁን እስኪያልቅ አየው።

ሥራው ሲያበቃ ሁሉም ካፖርቱን ለበሰ። ክላቭዲያ ጓንቷን እያጠለቀች በሩ አጠገብ ቆማለች። ግሌብ ላቡን በሻሹ ጠርጎ ሲመጣ፣ ረስቶ ይሁን ሆን ብሎ፣ ቀጥታ ወደ ሚልዳ ሄደ፣ በሩስያኛም ጠየቃት።

"ልክ ነበር?"

ሚልዳ ዓይኗን አላነሣችም። ክላቭዲያ ጓንቷን ማጥለቅ አቆመች። ሚልዳ ወደ ሪምጋይላ ዞረችና በሊትዌንኛ "ምን አለኝ?" አለች።

"ልክ ነበር ወይ ይልሻል።"

ሚልዳ ሽማግሌውን ቀና ብላ አየችው። ከዚያ በገዛ ቋንቋዋ፣ ሳትቸኩል፣ ለተዋናይ ቃል ስታቀብል እንደምታደርገው ድምጿን ዝቅ አድርጋ ተናገረች። "እንዲህ በለው። እናቴን አንድ ኪስ ስንዴ ሰርቃለች ብለው ሊወስዱ በመጡ ጊዜ፣ ፌክላ በር ላይ ወጥታ እንደዚህ ነው ያለቻቸው። እኔ ከምድጃው በላይ ባለው መኝታ ተኝቼ ሰምቻለሁ። እናቴ አልተመለሰችም። ለአንተም ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ዛሬ ሁለታችሁም ያንኑ ቃሏን አላችሁልኝ።"

ሪምጋይላ ሲያዳምጣት ፊቱ አመድ መሰለ። ወደ ሽማግሌው ዞረና በዚያ በራሱ በሩስያኛው፣ የአገራችን ቅላጼ ባለበት፣ "አመሰግናለሁ ትላለች" አለ።

ክላቭዲያ ሌቮቭና ሁለቱንም አየቻቸው። "ረጅም ምስጋና ነው" አለች።

"ቋንቋችን እንደዚህ ነው፣ ክላቭዲያ ሌቮቭና" አለ ሪምጋይላ። ክላቭዲያ ጓንቷን አጥልቃ ጨረሰችና በሩን ከፈተችላቸው።